የቡድሂዝም ሊቃውንት በመመሪያዎቻቸው ይነበቡ

ቡድሂዝምን ለማስተዋወቅ የሚጻፉ ጽሑፎች ብዙውን ጊዜ አራቱን ክቡር እውነቶች ዘርዝረው፣ ባለ ስምንት ክፍሉን መንገድ ቆጥረው ያበቃሉ። አንባቢውም የቡድሂዝም ቅርንጫፎች የሆኑት ቴራቫዳ፣ ዜንና የቲቤት ቡድሂዝም የሚለያዩት በስም ብቻ ይመስለዋል። በእኔ እምነት መጀመር የሚገባው ሊቃውንቱ ለተማሪዎቻቸው ከጻፏቸው የተግባር መመሪያዎች ነው። ልዩነቱ ፍንትው ብሎ የሚታየው እዚያ ነውና።

የቴራቫዳውን ቡድሃጎሳን እንመልከት። በ5ኛው መቶ ክፍለ ዘመን በስሪላንካ፣ አኑራዳፑራ በነበረው የማሃቪሃራ ገዳም የሲንሃላ ማብራሪያዎችን ወደ ፓሊ ቋንቋ የመለሰ መነኩሴ ነው። «ቪሱዲማጋ» የተሰኘው ባለ 23 ምዕራፍ መጽሐፉ 40 የተመስጦ ርእሶችን ይዟል፤ አንዱ ተማሪው ትኩር ብሎ የሚያየው የአፈር ክብ ነው። አፈሩ የንጋት ቀለም ያለው ሆኖ ሰማያዊ፣ ቢጫ፣ ቀይ ወይም ነጭ ሊቀላቀልበት አይገባም፤ እነዚህ ቀለማት ለየራሳቸው ሌላ ርእስ ናቸው። ሣሩ፣ ሥሩና ጠጠሩ ተለቅሞ ይቦካል። ክቡ ስፋቱ ስንዝር ከአራት ጣት ሆኖ እንደ ከበሮ ቆዳ እኩል እስኪሆን በድንጋይ ይለሰልሳል፤ እንጨት ቀለሙን ያበላሸዋል። ተማሪው ሁለት ክንድ ተኩል ርቆ፣ ከፍታው ስንዝር ከአራት ጣት በሆነ መቀመጫ ላይ ይቀመጣል። ከዚያ ቢርቅ ክቡ አይጠራለትም፣ ቢቀርብ የጭቃው እንከን ይታየዋል፤ መቀመጫው ከፍ ቢል አንገቱን ማቀርቀር ግድ ይሆንበታል፣ ዝቅ ቢል ጉልበቱን ያመዋል። ዓይኑን እየገለጠና እየጨፈነ ይለማመዳል። ጨፍኖም ክቡ እንደ ገለጠ ሆኖ ከታየው በኋላ እዚያ መቀመጡን ትቶ ወደ ማደሪያው ይሄዳል፤ ከዚያ በኋላ የሚሠራው በአእምሮው በቀረው ምስል ነው።

ከ1200 እስከ 1253 የኖረው ጃፓናዊው የዜን መምህር ዶገንም ስለ አቀማመጥ እንዲሁ ጥንቁቅ ነው። በ1227 ከቻይና ተመልሶ በጻፈው «ፉካንዛዜንጊ» ወፍራም ምንጣፍ፣ በላዩ ትራስ ያዛል፤ ጆሮ ከትከሻ፣ አፍንጫ ከእንብርት ትይዩ ይሁን፣ የአውራ ጣቶች ጫፍ ይነካካ፣ ዓይን አይጨፈን ይላል። የሚታይ ክብ ግን የለም። ቡድሃ ለመሆን ማለም እንኳ ክልክል ነው! «ሁሉም የሚያስተምሩት ስክነትን ነው» የሚል ሰው ሁለቱን ጎን ለጎን አስቀምጦ ያንብብ።

የቲቤቱ ሶንግካፓ ደግሞ በ1402 በጨረሰው «ላምሪም ቼንሞ» አእምሮን ከሐሳብ ባዶ ማድረግን ብቻ ተመስጦ ያሉትን አጥብቆ ይሞግታል፤ መርምሮ ማሰብም ለእርሱ ተመስጦ ነው። ስለ መፍዘዝ የሰጠው ማስጠንቀቂያ በተለይ የሚደነቅ ነው። ልብ ከያዘው ነገር ሳይወጣ ንቃቱ ብቻ ሊሟሽሽ ይችላል፤ ተማሪው ይህን ስክነት አድርጎ ስለሚወስደው ለማረም አይነሳም።

ወደ አማርኛ የሚተረጉም ቢገኝ ጥቂት ገጽ ብቻ ከሆነው «ፉካንዛዜንጊ» ይጀምር፤ ቀጥሎ የአፈሩ ክብ ያለበት የ«ቪሱዲማጋ» 4ኛ ምዕራፍ። የሶንግካፓ መጽሐፍ እጅግ ረጅም ስለሆነ ስለ መፍዘዝ የጻፈውን ብቻ ነጥሎ ማውጣት ይቻላል።