ሃይላንድን ውሃ ወሰደው

ስሙን መጀመሪያ የነገረኝ እንግሊዛዊ ጎረቤቴ ነው። «ፍሬድ ሃይላንድ» አለኝ። በዓይነ ሕሊናዬ የመጣው የፕላስቲክ ጠርሙስ ነው። ምን ላድርግ? ያደግሁት የሞላውም ባዶውም ጠርሙስ ሁሉ ሃይላንድ በሚባልበት አገር ነው። ወደ ክፍለ ሀገር ስንወጣ መኪናችንን እየተከተሉ «ሃይላንድ! ሃይላንድ!» የሚሉት ልጆች ድምፅ አሁንም ጆሮዬ ላይ አለ። ይሄኛው ግን ሰው ነው። ያውም የክሪኬት ተጫዋች። ታሪኩን ሰምቼ ስጨርስ፣ ስምን መልአክ ያወጣዋል የሚባለው እውነት መሰለኝ። ከሜዳ ያስወጣው ውሃ ነዋ።

ጎረቤቴ ዕድሜው 75 ነው። በልቤ ጋሼ እለዋለሁ። በአፌ ግን በስሙ፣ እሱንም አሳጥሬ እንድጠራው ግድ ብሎኛል። አራት ዓመት ሞከርኩት፣ አሁንም ይተናነቀኛል። ባለፈው ሐምሌ «ክሪኬት ላሳይህ» ብሎ ይዞኝ ሄደ። ሁለት ታጣፊ ወንበር፣ ብርድ ልብስ፣ ሻይ በፔርሙዝ፣ ሳንድዊች በፌስታል። ለቅሶ ቤት ልናድር የሄድን ነው የሚመስለው። ገና ተደላድለን ሳንቀመጥ ዘነበ። ተጫዋቾቹ እየሮጡ ገቡ። ሜዳው መሀል ላይ ሸራ ተዘረጋ። ተመልካቹ ግን ንቅንቅ አላለም። ጃንጥላውን ዘርግቶ ሳንድዊቹን መግመጥ ቀጠለ። የሃይላንድን ወሬ ያወጣልኝ ያን ጊዜ ነው። የባሰ አለ፣ አገርህን አትልቀቅ የሚሉት ዓይነት ማጽናኛ መሆኑ ነው። እኔ እንኳ ለቅቄ መጥቻለሁ።

ነገሩ የሆነው እንደ ፈረንጆቹ በ1924 ነው። ሃይላንድ ለሃምፕሻየር ካውንቲ እንዲጫወት ተመረጠ። ካውንቲን እንደ አውራጃ ቁጠሩት። ግጥሚያው ከኖርዝሃምፕተንሻየር ጋር፣ በጫማ ሥራዋ በታወቀችው በኖርዝሃምፕተን ከተማ ነበር። የያኔው የካውንቲ ግጥሚያ የተመደበለት 3 ቀን ነው። አዎ፣ 3 ቀን። ሠርግ፣ መልስና ቅልቅል ማለት ነው። መጀመሪያ የሚመቱት ባለሜዳዎቹ ሆኑ። ስለዚህ የሃይላንድ ሥራ ከጓደኞቹ ጋር ሜዳ ላይ ተበትኖ፣ የተመታ ኳስ ወደ እሱ ከመጣ መያዝ ነው።

ክሪኬት ለማታውቁ፦ አንዱ ይወረውራል፣ ሌላው ከሦስት ችካል ፊት ቆሞ በሰፊ ዱላ ይመታል። ኳሷ ራቅ ካለች ሁለት መቺዎች ሮጠው ቦታ ይለዋወጣሉ፣ 1 ነጥብ ይያዝላቸዋል። 6 ኳስ ሲወረወር አንድ ኦቨር ይባላል። ከዚህ በላይ ከጠየቃችሁኝ ጎረቤቴን መጥራቴ ነው።

አንድ ኦቨር ተወረወረ። ሁለተኛው ተወረወረ። ባለሜዳዎቹ 1 ነጥብ አገኙ። ዝናብ መጣ።

አለቀ።

ያለቀው የዚያን ቀን ጨዋታ ብቻ አይደለም። በዚያ ግጥሚያ ከዚያ በኋላ አንድም ኳስ አልተወረወረም። ሃይላንድም ለሃምፕሻየር ዳግመኛ አልተሰለፈም። የእግር ኳሱን ቋንቋ ብዋስ፣ ጫማውን የሰቀለው ሳይቆሽሽ ነው። 12 ኳስ! ቡና ተጥዶ አቦሉ እስኪቀዳ እንኳ አይደርስም። መዝገቡ ላይ ከስሙ ትይዩ «ጨዋታ 1» ይላል። ዱላ ስላልያዘ አማካይ ውጤቱ ላይ ያለው ሰረዝ ነው። ዜሮ እንኳ አይደለም። ዜሮ ለማግኘት መጀመሪያ ወጥቶ መምታት ያስፈልጋል። ዜሮም ልፋት አለው።

ጎረቤቴ እየሳቀ ነው የነገረኝ። እኔ ግን አልሳቅሁም። እኔም ሰረዝ ነኝ። ልጅ ሆኜ ሰፈራችን ለዋንጫ ሲጋጠም በ88ኛው ደቂቃ ተቀይሬ ገባሁ። የወጣው ልጅ ማሊያውን አውልቆ ወረወረልኝ። በላብ ርሷል፣ እየተጣበቀ አልገባ አለኝ። ጊዜ እንዳይሄድብኝ አንድ እጄን ብቻ አስገብቼ ሮጥኩ። ሁለተኛውን ሳስገባ ፊሽካ ተነፋ። እናቴ ዛሬም እንግዳ ሲመጣ «ኳስ ተጫዋች ነበር እኮ፣ ትምህርት ብሎ ተወው እንጂ» ትላለች። አስተባብዬ አላውቅም። ሲቪዬ ላይማ የባሰ አለ። የሁለት ቀን ሥልጠና ገብቼ፣ በሁለተኛው ቀን ለሻይ ዕረፍት እንደወጣሁ ሳልመለስ ቀርቼ፣ «ከፍተኛ ባለሙያ» የሚል ወረቀት ተሰጥቶኛል። ሰረዝ የሚጽፍ መዝገብ ያዥ እኛ ዘንድ የለም።

እነሱ ዘንድ አለ። ዊዝደን የሚባል የክሪኬት ዓመታዊ መጽሐፍ አላቸው። ከ1864 ጀምሮ በየዓመቱ ይወጣል፣ ሁለት የዓለም ጦርነት እንኳ አላቋረጠውም። ሃይላንድ በ1964 ሲሞት ጥቂት መስመር ሰጠው። 2 ኦቨር፣ 1 ነጥብ፣ አንድ ጨዋታ። ሳይጨምር፣ ሳይቀንስ።

ሃይላንድ ተከፍሎት ነው የሚጫወተው። ይህ ያኔ ቀላል ነገር አይደለም። ተጫዋቹ ሁለት ወገን ነበር፦ ያለ ደሞዝ የሚጫወቱ ጨዋዎችና ለእንጀራ የሚጫወቱ ባለሙያዎች። ጨዋ ስላችሁ የጨዋ ልጅ በምንልበት በቀድሞው ትርጉሙ ነው። ልብስ የሚቀይሩት በየክፍላቸው ነው። አንዳንዱ ሜዳ ላይ የሚወጡበት በር ሳይቀር ይለያል። ስም ሲታተምም የጨዋው መነሻ ፊደላት ከቤተሰብ ስሙ ይቀድማሉ፣ የደሞዝተኛው ይከተላሉ። አንድ ጊዜ ለንደን ባለው የሎርድስ ክሪኬት ሜዳ የፍሬድ ቲትመስ የተባለ ተጫዋች ፊደላት ተሳስተው ከፊት ታተሙ። ቲትመስ ደሞዝተኛ ነው። ተመልካቹ የያዘውን የተጫዋቾች ስም ዝርዝር ወረቀት እንዲያርም በድምፅ ማጉያ ተነገረ! «ኢንጂነር» ሳይባል በስሙ ብቻ ተጠርቶ የሚያኮርፍ ሰው አውቃለሁ፤ ማይክ የያዘ ግን አላየሁም። እኛ በገና ጨዋታ አይቆጡም ጌታ እንላለን። የእነሱ ጌታ መቆጣትም አያስፈልገው፣ የራሱ በር አለው። ይህ ልዩነት እንዲቀር የተወሰነው በ1962 መጨረሻ ነው።

ዝናቡ ግን ቀድሞ ነው እኩል ያደረጋቸው። በዚያው በ1924፣ በጁላይ፣ ጃክ ማክብራያን የተባለ የሶመርሴት ጨዋ ለእንግሊዝ ብሔራዊ ቡድን ተመረጠ። ተጋጣሚ ደቡብ አፍሪካ፣ ሜዳው ኦልድ ትራፎርድ። ልባችሁ ወደ ዩናይትድ ሄደ አይደል? የክሪኬቱ ሜዳ ሌላ ነው፣ ሰፈሩ ግን ያው ነው። የእንግሊዝ በጋ በወሩም በጠባዩም የእኛ ክረምት ነው። ራስ ተፈሪ አውሮፓን ሲጎበኙ ለንደን የደረሱት በዚያው ወር ነው። መቼም ካባቸውን ይዘው ነው የሄዱት። ደቡብ አፍሪካ 116 ነጥብ ላይ፣ 4 መቺዎቿ ተሸንፈው ከጨዋታ ወጥተውባት ሳለ ሰማዩ ተቀደደ። ማክብራያን አልመታም፣ አልወረወረም፣ አንድም ሰው አላስወጣም። ዳግመኛም አልተጠራም። በዚያ ደረጃ ተሰልፎ ምንም ሳያደርግ የቀረ ብቸኛ ሰው ሆኖ ተመዝግቧል። እሱ እንኳ መጽናኛ አለው፤ በ1920 ኦሊምፒክ በሆኪ ወርቅ አግኝቷል። ሆኪ ማለት የእኛ የገና ጨዋታ ሹራብ ለብሶ ሲመጣ ነው።

ሃይላንድስ? ይህን ጥያቄ ስጠይቅ ጎረቤቴ የመጨረሻዋን ሳንድዊች ለሁለት እየከፈለ ነበር። ትልቁን ግማሽ ለእኔ ሰጠኝ። ሃይላንድ በኋላ ቼሻየር ውስጥ ችግኝ አፍልቶ መሸጥ ያዘ አለኝ። ጥሩ አትክልተኛ ተብሎ ስም አውጥቷል፣ ዊዝደንም ከ2 ኦቨሩ ቀጥሎ ይህንኑ ጽፎለታል።

ዝናቡ በረታ። ውሃው ከሸራው ላይ እየተንኳለለ ሳሩ ላይ ይወርዳል። ዳኞቹ ጃንጥላ ይዘው ወጡ፣ መሬቱን በጫማቸው ጫፍ ጫን ጫን አድርገው ተመልሰው ገቡ። ጋሼ፣ ይቅርታ፣ ጎረቤቴ ፔርሙዙን ከፍቶ የቀረችውን ሻይ ቀዳልኝ። ሰማዩን አየ።

«ለአትክልቱ ጥሩ ነው» አለ።