የሰርሲ ሟቾች መዝገብ

የሐዋሳን ወጣት ማማት ቀላል ነው። ሂሳብ አይችልም ይባላል። ቁጥር ሲያይ ይሸሻል ይባላል። ይህን የሚሉ ሰዎች ፒያሳ አካባቢ ካሉት የጀበና ቡና በረንዳዎች በአንዱ፣ ከአሥር ሰዓት በኋላ ተቀምጠው አያውቁም። እኛ ዘንድ የሂሳብ ሰው ሞልቷል። ብቻ የሚቆጠረው ነገር ለየት ይላል። የምንቆጥረው ሰርሲ ላኒስተር የገደለቻቸውን ሰዎች ነው።

ሰርሲን የማታውቁ ካላችሁ፣ ጌም ኦፍ ትሮንስ የተባለው ተከታታይ ፊልም ላይ ያለች ንግሥት ናት። ወርቃማ ፀጉር፣ ከእጇ የማይጠፋ የወይን ብርጭቆ፣ ርኅራኄ የሚባል ነገር ያልፈጠረባት። ፊልሙ በኛ አቆጣጠር ሚያዝያ 2003 ተጀምሮ ግንቦት 2011 አለቀ። 8 ሲዝን፣ 73 ክፍል። ሌላው ዓለም አይቶ፣ መጨረሻውን ረግሞ፣ ወደ ሥራው ሄደ። እኛ ግን እንዲህ በቀላሉ ፋይል የምንዘጋ ሰዎች አይደለንም። ገና ኦዲት ላይ ነን።

የቡድናችንን መሪ ኦዲተሩ እንለዋለን። ስልክ ይጠግናል። ደብተር አለው፤ ባለ 50 ሉክ፣ በላስቲክ የተለበጠ። እያንዳንዱ ገጽ በማስመሪያ አምስት ቦታ ተከፍሏል፦ ሟች፣ ክፍል፣ ያዘዘ፣ የፈጸመ፣ ምርመራ። እንዲህ የጠራ መዝገብ በየመሥሪያ ቤቱ ደጅ ስጠና አይቼ አላውቅም። ይኸው ሰውዬ ለሱቁ የሽያጭ መዝገብ ያዝ ቢባል «ጊዜ የታለና» ያለ ነው። ለእውነተኛ ሙያ እንዲህ መሥዋዕትነት ያስፈልጋል።

የመጀመሪያው ከባድ ፋይል የባሏ ነበር። ንጉሥ ሮበርትን የገደለው ከርከሮ ነው። አደን ላይ ሆዱን ዘረገፈው። ከርከሮው ግን ጤነኛ ነበር፤ የሰከረው ንጉሡ ነው። ወይኑን እየደጋገመ የቀዳለት ላንሰል የሚባል ዘመዷ ነው። ላንሰልን ጠንከር ያለውን አጠጣው ያለችው ሰርሲ ናት። እሺ፣ ሟቹ የማን ነው? ሁለት ሳምንት ፈጀብን። አንድ ባጃጅ ነጂ «እሷ ወይን ሰጠች እንጂ ጥርስ አልሰጠችም» ብሎ ከከርከሮው ጎን ቆመ። አንድ የሕግ ተማሪ ደግሞ ሲጋራውን እንደ ጠመኔ ይዞ ስለ ምክንያትና ውጤት አስተማረን። በመጨረሻ ሟቹ ለሰርሲ ተያዘ። ለከርከሮው ምርመራ የሚለው ዓምድ ላይ «አስተዋጽኦው ከፍተኛ ነበር» ተብሎ ተጻፈለት። ፍትሕ ማለት እንዲህ ነው። ከርከሮ እንኳ ልፋቱ አልተረሳም።

ቀጥሎ የተኩላዋ ጉዳይ መጣ። ሌዲ የምትባል፣ ማንንም ያልነከሰች ተኩላ ናት። የነከሰችው እህቷ ሸሸች። ሰርሲ በሸሸችው ፈንታ ይቺ ትገደል አለች፣ ሮበርት ዝም ብሎ ፈቀደ፣ የተኩላዋ ባለቤት አባት ኔድ ስታርክ በገዛ እጁ ፈጸመው። ተኩላ ይቆጠራል ወይ? ውሻ ያለው ልጅ ዓይኑ እንባ አቅርሮ ተነሣና ቢያንስ ግማሽ ይያዝላት ብሎ ለመነ። ተያዘላት። ድምራችን እስከ ዛሬ በነጥብ አምስት የሚያልቀው በሷ ምክንያት ነው። ኦዲተሩ ይቺን ነጥብ አምስት ሲያሳይ ፊቱ ያበራል። ሙሉ ቁጥርማ ማንም ይደምራል።

ግን ከሁሉም የሚያኮራኝ የጆን አሪን ፋይል ነው። ይሄ ሰው ገና ታሪኩ ሲጀምር ተመርዞ የሞተ ነው። ሁላችንም ያለ ምንም ጥርጥር በሰርሲ ላይ ጽፈነው ነበር። 4ኛው ሲዝን ላይ ሚስቱ ላይሳ ራሷ አፈረጠችው፤ መርዙን ያጠጣሁት እኔ ነኝ፣ የመከረኝም ሴረኛው ሊትልፊንገር ነው አለች። ኦዲተሩ ላጲስ አወጣ። የላጲሱን ፍርፋሪ በትንፋሹ እፍ አለ። ከዚያ ሁላችንንም ቀና ብሎ አየንና «ሰውን ያለ ስሟ ስም ሰጥተናል» አለ። ተራ በተራ ሰርሲን ይቅርታ ጠየቅን። በዚያ በረንዳ ላይ ያልታማ የሰፈር ሰው የለም። ይቅርታ የተጠየቀው ግን ያን ቀን ብቻ ነው።

የሮበርት ዲቃሎች በተገደሉበት ጉዳይ የደረሰውን ባልናገር ይሻላል። በአጭሩ፣ ፊልሙ ላይ ያዘዘው ልጇ ጆፍሪ ነው። ፊልሙ የተሠራበት መጽሐፍ ላይ እሷ ናት። በየበረንዳው ደግሞ «እኔ መጽሐፉን አንብቤያለሁ» የሚል አንድ ሰው አይጠፋም። ሁለት ስኒ ተሰበረ። ሁለት መዝገብ ይያዝ ተብሎ ታለፈ። ሁለት መዝገብ መያዝ ለሐዋሳ ነጋዴም አዲስ ነገር አይደለም።

አሁን ወደ ዋናው። 6ኛው ሲዝን፣ የመጨረሻው ክፍል፣ ሰኔ 2008። ሰርሲ ፍርድ ቤት ትቀርባለች ተብሎ ሰው ሁሉ ታላቁ ቤተ መቅደስ ውስጥ ተሰብስቧል። እሷ ቤቷ ቆማ ወይኗን ትጠጣለች። ከመቅደሱ ሥር ዋይልድፋየር የሚሉት አረንጓዴ እሳት በበርሜል ተደርድሯል። ሻማ እየነደደ ወደ ታች ይወርዳል። ያ ወይን ቀጂው ላንሰል ተወግቶ፣ መሬት ለመሬት እየተሳበ ሻማው ጋ ሊደርስ ትንሽ ይቀረዋል። ከዚያ የለም። የልጇ ሚስት ማርጀሪ፣ የማርጀሪ ወንድም፣ አባታቸው፣ ሰርሲን በከተማው መሐል ራቁቷን ያስነዳት ሽማግሌ፣ የገዛ አጎቷ፣ ሁሉም በአንድ እፍታ።

ለተራ ተመልካች እዚህ ላይ ማዘን ይበቃዋል። ለኛ ሥራው ገና መጀመሩ ነበር። በርሜሎቹን ከከተማዋ ሥር ያስቀበረው የቀድሞው እብድ ንጉሥ ኤሪስ ነው። ስለዚህ እሳቱ ውርስ ነው፣ ሻማው ብቻ የሷ ነው። ለኤሪስ ስንት እጅ ይሰጠው? ደግሞስ ስማቸው የማይታወቀው ስንት ናቸው? ኦዲተሩ ላፕቶፑን አምጥቶ ምስሉን አቆመና በክብሪት እንጨት ጭንቅላት በጭንቅላት መቁጠር ጀመረ። ትንፋሻችንን ዋጥን። ሦስተኛው ረድፍ ላይ ሲደርስ ላፕቶፑ ባትሪ ጨረሰ። መብራት የለም። ጎረቤት ካለው ሆቴል ጄኔሬተር ገመድ ተለምኖ ተስቦ መጣ። እንደገና ከአንድ። ቅዳሜ ማታ ነበር። እንደ እሱ በእርጋታ፣ ማንንም ሳይዘል፣ ጀርባውን የሰጠውን እንኳ «ይሄም ሰው ነው» እያለ የሚቆጥር ሰው አይቼ አላውቅም።

ንጉሡ ቶመን ጭሱን አይቶ በመስኮት ዘለለ። እሱስ? ቡና የምታፈላልን እትዬ ከሰሏን እያራገበች «ልጇ ነው?» አለች። አዎ አልናት። «ተዉአት እንግዲህ፣ እሱን እንኳን አትቁጠሩባት።» ኦዲተሩ ሂሳብ ዝምድና አያውቅም አለና ጻፈው። የጠላቷ ልጅ የታይን ሞት ግን ተንጠልጣይ ሂሳብ ሆነ። ሰርሲ በተመረዘ ከንፈር ስማት፣ እናቷ ፊት አሳስራት ወጣች። ስትሞት ግን አላየንም። ሬሳ ያልታየበት አይዘጋም፤ ሕጋችን ጥብቅ ነው።

ያን ሌሊት እስኪነጋ ቆጥረን ረኃብ ሲጠናብን አሞራ ገደል ወረድን። የዓሣ ሾርባ እንጂ ሌላ አያድነንም ነበር። አባ ኮዳዎቹ እጃቸውን ወደ ኋላ እንዳደረጉ የእድር ዳኞች ቆመው ያዩናል። አንድ ልጅ ቆሮሶ እየገፈፈ አንጀቱን ይወረውርላቸዋል። እኛ ስለ ኤሪስ ድርሻ እንከራከራለን። በዚያው ሰዓት፣ እኛ ሰፈር፣ ጡሩንባ እየተነፋ ነበር።

የሞቱት በልጅነታችን ሁላችንንም ዳቦ ያበሉን ጎረቤት ናቸው። ድንኳን ተከላ ላይ የለንም። ቀብር ላይ ቁጥር ሲያዝ የለንም። በወሩ የእድር ስብሰባ ላይ ጸሐፊው፣ ጡረታ የወጡ መምህር ናቸው፣ መነጽራቸውን አፍንጫቸው ጫፍ ላይ አድርገው ስማችንን ጠሩ። የት ነበራችሁ አሉ። እኔ ላብ አሰመጠኝ። ኦዲተሩ ግን ተነሥቶ፣ እጁን ደረቱ ላይ አድርጎ፣

«ጋሼ፣ እኛም ለቅሶ ላይ ነበርን» አለ።

«የማን ለቅሶ?»

«ቤተ መቅደስ ተቃጥሎ… አንድ ሰው አይደለም ጋሼ፣ ብዙ ናቸው።»

«እግዚኦ! የት ነው እሱ?»

«ከጥቁር ውሃ ዳር።»

ውሸት አልተናገረም። ኪንግስ ላንዲንግ ብላክዋተር በሚባል ወንዝ አፍ ላይ ያለች ከተማ ናት። ብላክዋተር በአማርኛ ጥቁር ውሃ ነው። የሐዋሳ መግቢያ ላይ ያለው ጥቁር ውሃ መሆኑን ደግሞ እሱ አላለም፣ ጋሼ ናቸው ያሉት። አዳራሹ በሐዘን ተናወጠ። እናቶች ነጠላቸውን አዘቀዘቁ። «ምነው አልሰማንም?» ተባለ። የእድሩ ዳኛ ማስተዛዘኛ ይዋጣ ብለው ሐሳብ አቀረቡ፤ ሁለት ሰው ደገፋቸው። ገንዘብ ያዡ ኪሳቸውን መፈተሽ ጀመሩ። በመጨረሻ ጋሼ፣ የመምህር ነገር ሆኖባቸው፣ ለቃለ ጉባኤው «የሟቾቹን ስም ንገረኝ» አሉት። ኦዲተሩ ደብተሩን አወጣ። ለነገሩ ደብተሩን ትቶት መጥቶ ቢሆን ኖሮ ተርፈን ነበር።

«ማርጀሪ ታይረል፣ ሎራስ ታይረል…»

ሻይ የምታድለው የጋሼ ልጅ ትሪውን ይዛ በሳቅ ፈረሰች። አሥረኛ ክፍል ናት። ፊልሙን ሁለት ጊዜ አይታዋለች።

ቅጣታችን እጥፍ ሆነ። ጋሼ ግን ከስብሰባው በኋላ ጠጋ ብለው ደብተሩን ተቀበሉት። ገጹን በጣታቸው እያስኬዱ አዩት። «ጽሕፈትህ ጥሩ ነው» አሉት። «ያለፉትን አምስት ዓመት የእድሩን መዝገብ እንደዚህ የሚገለብጥልኝ ሰው አጥቼ…» ኦዲተሩ ጊዜ እንደሌለው ነገራቸው።

አሁን ስለ ፊልሙ መጨረሻ፣ 8ኛው ሲዝን 5ኛው ክፍል። እኛ ከመጀመሪያው ቀን ጀምሮ ዙፋኑን ከሰርሲ ልትቀማ የመጣችው የዴነሪስ ሰዎች ነን። ባለ ባጃጁ «ካሊሲ» የሚል የማዕረግ ስሟን ስቲከር ኋላ መስታወቱ ላይ ለጥፏል። ባሪያ ነፃ አውጪ፣ የድራጎኖች እናት፣ የኛዋ። ሰርሲ የቅርብ ሰዋን ሚሳንዴን ከግንብ ላይ አሳረደችባት። ደማችን ፈላ። ከዚያ ዴነሪስ በድራጎኗ መጣች። ከተማዋ እጇን ሰጠች፣ የእጅ መስጫው ደወል ተደወለ። ደወሉ እየተሰማ ከተማዋን መንገድ በመንገድ፣ እናትና ልጅ ሳትል አቃጠለችው። ሰርሲ በስምንት ሲዝን ያላደረሰችውን እሷ በአንድ ከሰዓት አለፈችው።

ኦዲተሩ ላፕቶፑን ዘጋ። ክብሪት እንጨቱን አላወጣም።

«የሷንስ አንቆጥርም?» አልኩ። ሞኝ ነኝ።

«ምኑን?»

«ይሄን ሁሉ።»

«መጀመሪያ ማን ነካት?» አለ ባለ ባጃጁ። የሕግ ተማሪው ሐዘን የሰውን አእምሮ እንዴት እንደሚነካ አስረዳኝ። ውሻ ያለው ልጅ፣ ለተኩላ ያለቀሰው፣ ጥፋቱ የፊልሙ ጸሐፊዎች ነው አለ። መጽሐፉን ያነበበው ሰው መጽሐፉ ላይ ገና እዚያ አልተደረሰም አለ፤ በዚህ እንኳ ልክ ነው። ኦዲተሩ ግን ከሁላችንም ይበልጣል። ጥቂት አሰበና ደብተሩን ገለጠ። ሰርሲ ሕዝቡን በሯን ከፍታ ግቢዋ ውስጥ መሽጋበት የለ? እንግዲያው የከተማው ሟች በሙሉ በሰርሲ ተመዘገበ። ያዘዘ በሚለው ሥር ሰርሲ። የፈጸመ በሚለው ሥር ሰረዝ። ለከርከሮ አስተዋጽኦ የተጻፈበት ደብተር ላይ ድራጎን ሰረዝ ሆነ። ሰርሲ ራሷም በዚያው ቀን ጡብ ተንዶባት ሞተች። እሷንም በራሷ ላይ ያዛት። ሂሳቡ ገጠመ፤ በነጥብ አምስት።

በዚያ ሰሞን የኔ ጥያቄ ከንክኖት ይሁን አላውቅም፣ የደብተሩ የመጨረሻ ሉክ ላይ «ዴነሪስ» ብሎ ርዕስ ጽፎ፣ አምስቱንም መስመር አስምሮ ነበር። አንድም ስም ሳይገባበት ከረመ። እትዬ ባዶ መሆኑን አይታ ወረቀት ከፈለጋችሁ አይቀር እኔ ልጠቀምበት አለችና ወሰደችው። አሁን ከጀበናው ጀርባ ግድግዳው ላይ ተሰክቷል። የኦዲተሩ የቡና ዱቤ የሚጻፈው እዚያ ላይ ነው። እሷ 11 ስኒ ነው ትላለች። እሱ 7 ነው ይላል።