ቦኒ ግሎቦን አልመሰረተም (እርማት)

ኧረ «ቦኒ ነው የብራዚሉን ቴሌቪዥን ጣቢያ ቲቪ ግሎቦን የመሰረተው» ያልከው ልክ አይደለም ወንድሜ፣ ብዙ ሰው እንደዛ ይላል ግን ስህተት ነው። ብራዚል ውስጥ ሪዮ ላይ ጣቢያውን በ1965 (በፈረንጆቹ) የከፈተው የኦ ግሎቦ ጋዜጣ ባለቤት የነበረው ሮቤርቶ ማሪንዮ ነው። ቦኒ፣ ማለት ዦዜ ቦኒፋሲዮ፣ ሬዲዮና ማስታወቂያ ላይ ሲሰራ ኖሮ ግሎቦ የገባው በ1967 ነው፣ ያኔ ደሞ ቀድሞት የገባው ዋልተር ክላርክ አለቃ ነበር። ክላርክን ሁሉም ይረሳዋል፣ ያሳዝናል።

ቦኒን ትልቅ ያደረገው ሌላ ነገር ነው። ማታ ማታ ድራማ፣ ከዛ ዜና፣ ከዛ እንደገና ድራማ እያደረጉ አከታትለው የደረደሩት እሱና ክላርክ ናቸው፣ ተመልካቹ ቻናል ለመቀየር ፋታ እንዳያገኝ ማለት ነው እንግዲህ፣ በ1969 የጀመረው ዦርናል ናሲዮናል የሚባለው ዜናም በሁለት ድራማ መሀል የተሰነገው ለዚህ ነው። ክላርክ በ1977 ሲወጣ ቦኒ ቀጠለ።

ደሞ ቢግ ብራዘር የሚባለውን ሪያሊቲ ሾው ብራዚል ላይ ለዓመታት የመራው አንተ እንዳልከው ቦኒ አይደለም፣ ልጁ ነው፣ ቦኒንዮ ይሉታል፣ «ትንሹ ቦኒ» እንደማለት፣ ስማቸው ስለሚመሳሰል ነው የተምታታብህ።