ሎሂታዳስን ሳታዩ ስለ ሕንድ ፊልም አታውሩ

ሰሞኑን በአንድ የሬዲዮ ዝግጅት ላይ የቀረበ ፊልም ዳይሬክተር የተናገረው ነገር እስካሁን ያንገበግበኛል። «የሕንድ ፊልም ደራሲ አያስፈልገውም፤ ዘፈንና ድብድብ ይበቃዋል» አለ። አዘጋጁም ስቆ አለፈው።

የትኛው ሕንድ? የሂንዲው? የታሚሉ? በደቡብ ሕንዷ ግዛት በኬረላ ውስጥ በማላያላም ቋንቋ የሚሠራውስ? በንጉሡ ዘመን እዚህ አገር ካስተማሩት ሕንዳውያን ብዙዎቹ ከዚያው ከኬረላ ነበር የመጡት። ስለ ፊልማቸው ግን የሚያወራ ሰው አላጋጠመኝም።

ሎሂታዳስ ከቲያትር የመጣ የኬረላ ደራሲ ነው። የመጀመሪያ የፊልም ድርሰቱ «ታኒያቫርታናም» በ1987 እ.ኤ.አ. ወጣ። ታሪኩ የአንድ መምህር ነው። በቤተሰቡ ውስጥ በየትውልዱ አንድ ወንድ ያብዳል ይባላል። ሰውየው ጤነኛ ነው። መንደሩ ግን «ቀጣዩ እሱ ነው» ብሎ ዓይኑን ይተክልበታል። እያዩ፣ እያንሾካሾኩ አሳበዱት። በመጨረሻ እናቱ መርዝ ያለበት ምግብ በእጇ አጉርሳው አብራው ትሞታለች። እስቲ የቱ ጋ ነው ድብድቡ?

እሺ፣ ድብድብ ያለበትን እንውሰድ። «ኪሪዳም» 1989። ትርጉሙ ዘውድ ነው። አባትየው ዝቅተኛ ማዕረግ ያለው ፖሊስ ነው፤ ሕልሙ ልጁን ኢንስፔክተር ሆኖ ማየት ነው። አንድ ቀን ዱርዬ ገበያ መሀል አባቱን ሲደበድብ ልጁ ደርሶ ይገባል። በቃ! ከዚያች ቀን ጀምሮ ሰፈሩ ጉልቤ አደረገው። የሚወዳት ልጅ ለሌላ ተዳረች። ዱርዬውን ገደለ። «ይህ ሰው ለፖሊስነት አይበቃም» ብሎ ሪፖርት የሚያደርገው ማን መሰላችሁ? ያው አባቱ። እዚህ ፊልም ላይ እያንዳንዱ ቡጢ ልጁን ከአባቱ ሕልም ያርቀዋል። ይህን የድብድብ አሠልጣኝ አያመጣውም። ወረቀት ላይ አጎንብሶ ያደረ ሰው ነው የሚያመጣው።

«የዳይሬክተሩ ጉብዝና ነው» የሚሉኝ አሉ። ሁለቱንም ያዘጋጀው ሲቢ ማላይል ነው፤ ጎበዝ ነው፣ አልክድም። ግን በ1991 ሎሂታዳስ «አማራም»ን ለሌላ ዳይሬክተር፣ ለባራታን ጻፈ። እዚያም ልጁን ሐኪም ለማድረግ የሚለፋ ዓሣ አጥማጅ አባት አለ። ዳይሬክተሩ ተቀየረ፤ የአባትየው ሕልም አልተቀየረም። ታዲያ ይህ የማን እጅ ነው?

ሎሂታዳስ በ2009፣ በ54 ዓመቱ ሞተ።

ሬዲዮኑን ዘግቼ የዚያን ዳይሬክተር ፊልም ፖስተር ፈልጌ አየሁት። ተዋናዮቹ አሉ። ፕሮዲዩሰሩ አለ። ስፖንሰሩም አለ። የደራሲው ስም የለም።