ዋና ከተማዋ ማን ናት?

ባለፈው እሁድ አሜሪካ፣ ዋሽንግተን ዲሲ አጠገብ ሲልቨር ስፕሪንግ፣ ክርስትና ቤት ነበርን። ክትፎው ቀርቧል። የመጀመሪያውን ጉርሻ ሳልውጠው አንድ ጋሼ፣ «አንተ ልጅ፣ የኬንታኪ ዋና ከተማ ሉዊቪል ናት ሌክሲንግተን?» አሉኝ። ሁለቱም አይደሉም፤ ፍራንክፈርት ናት። ጋሼ የሚያውቁት ጥያቄ ሁሉ ወጥመድ ነው።

«ኒውዮርክስ?» ይላሉ። ማንሃተንን ያሰበ አለቀለት፤ ኦልባኒ ናት። ሎስ አንጀለስ ኖሮ የመጣውን እንግዳ ደግሞ በካሊፎርኒያ ዋና ከተማ በሳክራሜንቶ ጣሉት። ቀጥሎ ሞንትፒሊየር መጣች። የቬርሞንት ዋና ከተማ ናት፤ ነዋሪዋ 10,000 አይሞላም፣ ማክዶናልድም የላትም። ከዚያ ጁኖ። ወደ አላስካ ዋና ከተማ የሚወስድ የመኪና መንገድ የለም፤ ወይ አውሮፕላን ነው ወይ መርከብ። እ.ኤ.አ. በ1974 ሕዝቡ «ዋና ከተማው ይዛወር» ብሎ ወሰነ። በ1982 ወጪውን ሲሰማ ተወው። ይቺን እንኳን ወደድኳት። ዕድር አዳራሽ ይግዛ ሲባል ልክ እንደዚሁ ነው።

በቃል ማጥናት ላይ ግን የቆየ ቂም አለብኝ። ልጅ ሆነን አንድ አስተማሪ ክፍለ ሀገሮቹን ከነዋና ከተማቸው ያስሸመድደን ነበር። አርሲ፣ አሰላ። ባሌ፣ ጎባ። ኢሉባቡር፣ መቱ። የተንተባተበ ይኮረኮማል። ቆይቶ ክፍለ ሀገር የሚባለው ነገር ራሱ ቀረ። ኩርኩሜን ማን ይመልስልኝ?

እዚህም ጥፋቱ የኢሚግሬሽን ነው። ለዜግነት ፈተና ከሚጠኑት ጥያቄዎች አንዱ «የምትኖርበት ስቴት ዋና ከተማ ማን ናት?» የሚል ነው። የራስህን ብቻ! የሜሪላንዱ አናፖሊስ፣ የቨርጂኒያው ሪችመንድ ብሎ ያልፋል። ሃምሳውን አጥና ያለው የለም።

የዋሽንግተን ዲሲው ሰውስ? «ዲሲ ስቴት አይደለችም፣ ዋና ከተማም የላትም» ማለት አለበት። መልሱ ይሄ ነው፤ ኢሚግሬሽን ራሱ ጽፎ አስቀምጦታል። ዜጋ ሊሆን የመጣ ሰው መጀመሪያ የሚጎድልበትን በቃሉ ይወጣል።

«የአገሩን ሰርዶ በአገሩ በሬ» የሚለውን ተረት ሰበብ ባገኘሁ ቁጥር እጠቅሰዋለሁ። ዲሲ ሰርዶው የራሷ ነው፣ በሬው የኮንግረስ። የከተማዋ ምክር ቤት ያወጣውን ሕግ ኮንግረስ ሊሽረው ይችላል። በ2020 ቆጠራ ወደ 690,000 ሰው ነበራት፤ ከዋዮሚንግም ከቬርሞንትም ትበልጣለች። እነሱ ሁለት ሁለት ሴናተር አላቸው፣ እሷ አንድም የላት። ተወካዮች ምክር ቤት የምትልከው ሰውም ሕግ ሲጸድቅ ድምፅ አይሰጥም። ግብሩ ግን አንዲት ሳንቲም አይቀርም። ይሄን ሁሉ ዓመት ታክሲ ስንነዳባት፣ ምግብ ቤት ስንከፍትባት የኖርነው ከተማ እኮ ናት! ይሄን የሚጠይቅ ጋሼ ግን የለም። ሁሉም ፍራንክፈርት፣ ፍራንክፈርት።

ክትፎው? ቀዘቀዘ። ጋሼ ወደ ስቴት ወፎች ተሻገሩ። የኦሃዮ? ካርዲናል። የኢሊኖይ? ካርዲናል። የቨርጂኒያ? እሷው። ሰባት ስቴቶች አንዷን ቀይ ወፍ መርጠዋል፣ እግዚአብሔር ይስጣቸው። ቀና ሳልል «ካርዲናል» እያልኩ በላሁ።