«አክተሩ የቱ ነው?» እያላችሁ አታናዱኝ

ሰው እንዴት ፊልም ግማሽ ላይ ገብቶ ገና ቁጭ ሳይል «አክተሩ የቱ ነው?» ይላል? እኛ ቤት ይሄ ጥያቄ አይቀርም። እኔን ደሞ የለከፈኝ የድሮ የሜክሲኮ ፊልም ነው፣ ጥቁርና ነጩ፣ በፈረንጅ የ1940ዎቹና የ50ዎቹ። ያንን ፂሙን ያሳመረ ቆንጆ ያያሉ፣ «አሃ እሱ ነው» ይላሉ፣ አለቀ፣ ከዛ በኋላ ስክሪኑ ላይ ያለው ሰው ሁሉ ለነሱ እንደ ወንበርና ጠረጴዛ ነው። ኧረ በህግ አምላክ! ጥግ ላይ ቆሞ አይኑን እያጉረጠረጠ ፊልሙን ተሸክሞ የሚሄደው ሰውዬስ?

ሚጌል ኢንክላን ነው የሚባለው። ስሙን ቁጭ ያደረግኩት ሌላው ስለማይጽፈው ነው። ፔጆቹ ክሊፕ ይለጥፉና ከላይ የዘፋኙን አክተር ስም፣ «ንጉሱ ፔድሮ ኢንፋንቴ» ምናምን ብለው ይጽፋሉ፣ ክሊፑን ስትከፍቱት ከዳር እስከዳር የሚታየው ኢንክላን ነው! ኮሜንቱ ደሞ «ይሄ አውሬ» «ይሄ እርጉም ሽማግሌ»። እሺ አውሬ ይሁን፣ አውሬው ስም የለውም?

«ኖሶትሮስ ሎስ ፖብሬስ»ን ያያችሁ ታውቁታላችሁ፣ የ1948 ፊልም ነው። ኢንፋንቴ አናጢው ፔፔ ኤል ቶሮን ሆኖ ይዘፍናል ያፏጫል፣ ሰፈሩ በሙሉ ይወደዋል፣ እኔም እወደዋለሁ አልዋሽም። ኢንክላን ደሞ ዶን ፒላር የሚሉት ሀሺሻም ሌባ ነው። የፔፔን ገንዘብ ከተደበቀበት ሲያወጣ የፔፔ እናት ታየዋለች፣ ግን ሽባ ናት፣ መናገርም አትችልም፣ ወንበሯ ላይ ሆና ዝም ብላ ታየዋለች በቃ። ያ አይኗ ነው የሚያሳብደው፣ አትይኝ አትይኝ እያለ በኋላ ይደበድባታል። ፊቱን እዩት እስቲ እዛ ጋ። ደብዳቢው እሱ፣ የሚንቀጠቀጠው እሱ! ክፋትማ ማንም ይተውነዋል፣ የሚፈራ ክፉ ግን ስንቱ ይችላል? ያን ትዕይንት አውጡትና ፔፔ ምን ይተርፈዋል፣ መዝሙር የሚያፏጭ አናጢ።

«ማሪያ ካንዴላሪያ» ላይም እሱው ነው፣ ዶሎሬስ ዴል ሪዮን በብድር ጠፍሮ የያዛት ባለሱቅ፣ አሳማዋን የሚገድልባት፣ ወባ ይዟት እንኳን ኪኒኑን የሚከለክላት። ፊልሙ በ1946 የፈረንሳዩ ካን ፊልም ፌስቲቫል ላይ ትልቁን ሽልማት ከተካፈሉት አንዱ ነው። ሲወራ ዶሎሬስ፣ ዳይሬክተሩ ኤሚሊዮ ፈርናንዴስ፣ ካሜራማኑ ጋብሪኤል ፊጌሮዋ። እሺ ይገባቸዋል፣ ግን ያለ ባለሱቁ እኮ ታሪክ የለም!

ወደ ዋናው ልምጣ። «ሎስ ኦልቪዳዶስ»፣ ዳይሬክተሩ ሉዊስ ቡኑኤል፣ 1950። ኢንክላን አይነ ስውሩን የመንገድ ሙዚቀኛ ዶን ካርሜሎን ሆኖ ከበሮውን ምናምኑን ሰውነቱ ላይ አስሮ ገበያ መሃል ይጫወታል። የሰፈሩ ዱርዬ ልጆች አድፍጠው ጠብቀው በድንጋይ ያወርዱታል፣ ከበሮውን ይቀዱበታል፣ መሬት ላይ ወድቆ ቀና ሲል ፊት ለፊቱ ዶሮ ቆማ ታየዋለች። እዚህ ጋ አንጀታችሁ ይላወሳል፣ ምስኪን ትላላችሁ። ቆይ ገና ነው! ምስኪኑ እኮ በትሩ ጫፍ ላይ ሚስማር አለው፣ አባቱ ገበያ ላይ ጥሎት የጠፋውን ህፃን አስጠግቶ እንደ ባሪያ ያሰራዋል፣ ትንሿን ልጅ ጭኑ ላይ አስቀምጦ ይነካካታል፣ መጨረሻ ላይ ፖሊስ ዱርዬውን ሲተኩስበት አንድ ተቀነሰ ብሎ ይደሰታል። አሁን እዘኑለት ወይስ ጥሉት? እኔ ስንት ጊዜ አይቼው አልወሰንኩም። ፊልሙ ሜክሲኮ ውስጥ ሲወጣ ሰው አገራችንን አዋረደ ብሎ ተንጨርጭሮ በጥቂት ቀን ከሲኒማ ቤት ወረደ፣ ቡኑኤል በ1951 ካን ላይ በምርጥ ዳይሬክተርነት ሲሸለም ነው እንደገና የተከበረው። በ2003 ዩኔስኮ «የዓለም ትውስታ» (Memory of the World) የሚለው መዝገብ ውስጥ አስገብቶታል። ዛሬ ስለ ፊልሙ ሲጻፍ ግን ቡኑኤል ቡኑኤል ቡኑኤል፣ ኢንክላን «አይነ ስውሩ»።

ክፉ ብቻ ነው የሚችለው የምትሉ ደሞ «ሳሎን ሜክሲኮ»ን እዩ። እዛ ፖሊስ ነው፣ ሉፔ የሚባል። ማርጋ ሎፔስ እህቷን አዳሪ ትምህርት ቤት ለማስተማር ብላ ጭፈራ ቤት የምትሰራ ሴት ናት፣ ሉፔ ምን እንደምትሰራም ለምን እንደምትሰራም አውቆ ያከብራታል፣ አግቢኝ ይላታል። ያው ፊት፣ ያው ጎርናና ድምፅ፣ ግን ትልቅ ሰው ሆኖ ቁጭ። አያቱን ደብዳቢ የሚመስለው ሰውዬ! የአሜሪካው ዳይሬክተር ጆን ፎርድ ራሱ «ፎርት አፓቼ» ላይ የአፓቼ ጎሳዎቹን መሪ ኮቺስን ሰጥቶታል፣ ሄንሪ ፎንዳ ሲሰድበው ፀጥ ብሎ ቆሞ የሚያዳምጥበትን ትዕይንት ካላያችሁ ምንም አላያችሁም። ጆን ዌይን የነበረበት ፊልም ነው ብላችሁ ነዋ የምታውቁት።

ተዋናይቷ ሳራ ጋርሲያ እንኳን፣ ያቺ ፊልም ላይ የሁሉ አያት የሆነችው፣ ቸኮሌት ፓኬት ላይ ፊቷ አለ፣ የሜክሲኮ ህዝብ ቁርስ ሲበላ ያያታል። ኢንክላን በ1956 ሞተ። ኢንፋንቴ በዓመቱ አውሮፕላኑ ሜሪዳ ላይ ተከስክሶ ሞተ፣ እስካሁን ሚያዝያ በመጣ ቁጥር ህዝቡ መቃብሩ ላይ እየሄደ ይዘፍናል። ይዝፈን ምን አገባኝ። የኔ ብሶት እነዚህ ፊልም እየቆረጡ የሚጭኑት ላይ ነው፣ የድሮ ፊልም የተዋናዮቹን ስም የሚጽፈው መጀመሪያ ላይ ነው አይደል፣ እሷኑ ቆርጠው ይጥሏታል! የቀረችውን ደሞ አፑ «መግቢያውን ዝለል» የምትል በተን ያመጣባችኋል፣ እኛ ቤት ሪሞቱን የያዘው ሰውዬም እጁ ፈጣን ነው። ሁለት ደቂቃ እኮ ናት። የምትጭኑ ሰዎች፣ በናታችሁ አትቁረጧት፣ አክተሩን ለማየት የቸኮለ ራሱ ያሳልፋት።