ይግባኝ የሚጀመረው ከዲሲፕሊን ኮሚቴው ጠረጴዛ ነው

ከሥራ የተሰናበተ አንድ የመንግሥት ሠራተኛ ወረቀቶቹን በፌስታል ይዞ መጣ። የስንብት ደብዳቤው አምስት መስመር ነው። ጥፋቱንና የአዋጁን አንቀጽ ይጠቅስና «ከዛሬ ጀምሮ ከሥራ የተሰናበቱ መሆኑን እናስታውቃለን» ይላል። ከግርጌው የግልባጭ ዝርዝር አለ፤ ለፋይናንስ፣ ለሰው ሀብት፣ ለንብረት ክፍል። ሰውየው ቅር ቢለው ለማን፣ በስንት ቀን ውስጥ አቤት እንደሚል ግን አንዲት ቃል የለችበትም። ስለዚህ ሽማግሌ ላከ፤ የኃላፊውን ደጅ ሲጠና ከረመ። የይግባኙ ጊዜ በዚያ ሁሉ ይቆጠር ነበር።

ብዙዎች «ፍርድ ቤት እሄዳለሁ» ሲሉ ጉዳዩ ከሥር መሠረቱ እንደ አዲስ የሚታይላቸው ይመስላቸዋል። በፌዴራል መንግሥት ሠራተኞች ሕግ እንዲያ አይደለም። ስንብት፣ ከደረጃ ዝቅ መደረግ ወይም እስከ ሦስት ወር ደመወዝ የሚደርስ መቀጮ ከባድ ቅጣት ስለሆነ ይግባኙ የመንግሥት ሠራተኞችን አቤቱታ ለሚያየው፣ ከመደበኛ ፍርድ ቤቶች ውጭ ላለው የአስተዳደር ፍርድ ቤት ይቀርባል። አዋጅ ቁጥር 515/1999ም ሆነ እሱን ተክቶ እስከ 2017 ዓ.ም. የሠራው አዋጅ ቁጥር 1064/2010 ከዚያ በኋላ ያለውን በር አጥብበውት ነበር፦ የአስተዳደር ፍርድ ቤቱ በፍሬ ነገር፣ ማለትም ምን ተፈጸመ በሚለው ላይ የሰጠው ውሳኔ የመጨረሻ ነበር፤ ወደ ፌዴራል ጠቅላይ ፍርድ ቤት ይግባኝ የሚባለው በሕግ ስህተት ብቻ ነበር።

ይህን ገደብ በመርሁ አልቃወምም። ሕገ መንግሥቱም በአንቀጽ 37 ፍትሕ የማግኘት መብትን ሲደነግግ ከፍርድ ቤት ጎን የዳኝነት ሥልጣን የተሰጠውን ሌላ አካል ያስቀምጣል። የሚያስጨንቀኝ ፍሬ ነገሩ የሚሰበሰብበት መንገድ ነው። ማስረጃውን የሚሰማው የዲሲፕሊን ኮሚቴ ነው። አባላቱ በዚያው መሥሪያ ቤት የሚሠሩ፣ ክሱ እንዲቀርብ ባዘዘው ኃላፊ ሥር የሚያድሩ ሰዎች ናቸው። አብዛኞቹ ሕግ አልተማሩም። እነሱ በቃለ ጉባኤ ያሰፈሩት ግን ጉዳዩን እስከ መጨረሻው ይከተለዋል፤ ከላይ ያለው ዳኛ የሚያነበው እሱን ነው።

የሰውየውን ቃለ ጉባኤ ገልጬ አየሁት። የዋናው ምስክር ቃል «ምስክሩ ጥፋቱ መፈጸሙን አረጋግጠዋል» የሚል አንድ መስመር ነው። ምን አዩ? መቼ? የት ቆመው? ተከሳሹ መስቀለኛ ጥያቄ ጠይቋል? ምንም የለም። ሠራተኛው «ጠይቄ ነበር፣ አልተጻፈልኝም» አለኝ። ይህንን የማስረጃ ምዘና ጉዳይ ነው ብሎ ማለፍ ስህተት ነው። ክስን በጽሑፍ አለመስጠት፣ መከላከያን አለመስማት፣ ማስረጃ ሳይኖር ጥፋተኛ ማለት የሕግ ስህተቶች ናቸው፤ ዳኞችም እንዲያ ሊያዩዋቸው ይገባል። መሥሪያ ቤቶችም በቅጣት ደብዳቤው ላይ ይግባኙ የሚቀርብበትን አካልና ቀነ ገደቡን እንዲጽፉ ደንብ ወጥቶ ይገደዱ። ሁለት መስመር ነው፤ ለግልባጭ ዝርዝሩ ከሚጠፋው ቦታ ያነሰ።

አቤቱታውን የጻፍነው በዚያች የምስክር ቃል ላይ ተመሥርተን ነው። ጊዜው ሊያልፍ ሦስት ቀን ቀርቶት ነበር።